ሰማይ ላይ የሚኖር ሕዝብ በምን ይጽፋል? የዋሪትን ፊደል አብረን እንሥራ

የክንፍ ደራሲ፦
ሰላም ለሁላችሁ። እየጻፍኩት ባለው የምናብ ልቦለድ ውስጥ ዋሪት የሚባል ሕዝብ አለ። የሚኖሩት ሰማይ ላይ በተንጠለጠሉ ደሴቶች ነው። ከደሴት ደሴት የሚሻገሩት በገመድ ድልድይ ነው። ምድር ረግጠው አያውቁም። አፈራቸው ትንሽ ነው፣ ዛፍ ብርቅ ነው፣ ነፋሱ አያባራም። ጠዋትና ማታ ደመናው ቤታቸው ድረስ ይገባል።

ፊደል ሥዬላቸዋለሁ፣ ሥዕሉን ከታች አያይዤዋለሁ። ክብ ክብ ነው፣ ደመና ይመስላል፣ ጫፉ ላይ ክንፍ አለው። እንደኛው ፊደል እያንዳንዱ ሰባት ሰባት ቅርጽ አለው። ምዕራፍ ሦስት ላይ ግን ተያዝኩ። ሳዪት የምትባለው ዋና ገጸ ባሕሪዬ ከሞተች አያቷ ደብዳቤ ይደርሳታል። ደብዳቤውን እንዴት እንደምትይዘው መጻፍ አቃተኝ። ትገልጠዋለች? ትዘረጋዋለች? ያ ሁሉ ነፋስ እያለ? እባካችሁ ሐሳብ ስጡኝ።

ባለመቃ፦
እህቴ፣ ሥዕሉን አየሁት፤ እጅሽ ጥሩ ነው። ግን ደመና ላይ ስለሚኖሩ ብቻ ፊደላቸው ደመና መምሰል የለበትም። እኛ ደጋ ላይ ስንኖር ፊደላችን ተራራ አልመሰለም። ፊደል የሚመስለው የተጻፈበትን ነገርና የጻፈውን መሣሪያ ነው።

የጥንት ሜሶጶጣሚያ ሰዎች የነበሩትን ሱመሮችን እዪ። የነበራቸው ጭቃ ነው። እርጥብ ጭቃ ላይ መስመር እየጎተትሽ ብትስዪ ጠርዙ ይቆለላል፣ ይበላሻል። ስለዚህ የተቆረጠ ሸምበቆ እየተጫኑ የሽብልቅ ምልክት አወጡ። የበርማ ሰዎች የዘንባባ ቅጠል ላይ ነበር የሚጽፉት። ቀጥ ያለ ጭረት ቅጠሉን በጅማቱ ይሰነጥቀዋል፤ ስለዚህ ፊደላቸው ክብ ክብ ሆነ። የሰሜን አውሮፓ ሰዎች ሩን የሚባለውን ፊደል እንጨት ላይ ይቀርጹት ነበር። አግድም ጭረት ከእንጨቱ ጅማት ጋር ስለሚምታታ የጥንቱ ሩን ቋሚና ሰያፍ መስመር ብቻ ነው ማለት ይቻላል። የኛም ያው ነው። መቃ ብዕር በአንድ በኩል ሲሄድ ይወፍራል፣ በሌላው ይቀጥናል። ያ ውፍረትና ቅጥነት ዛሬ ስልክሽ ላይ ባለው ፊደል እንኳ አለ።

እና ቅርጹን ለጊዜው ተይው። ዋሪቶች ምን አላቸው? ብራና ከሆነ ፍየል የሚሰማሩበት ቦታ ከየት መጣ? ቀለም ከሆነ ደመናው ሲገባ ምን ይውጠዋል? እነዚህን ንገሪንና ፊደሉ ራሱ ይመጣል።

የክንፍ ደራሲ፦
ጋሽ ባለመቃ፣ አመሰግናለሁ። ያላቸውን ልንገርዎ። ወፎች አሏቸው፣ ላባ ሞልቷል። ገደሉ ላይ የሚበቅል ረጅም ሣር አለ፣ ቃጫ ይወጣዋል። ከዋሻ ሸረሪት ደግሞ ሐር የመሰለ ለስላሳ ክር ያገኛሉ። ሕይወታቸው በሙሉ ገመድ ነው። ቤት በገመድ ይታሰራል፣ ልጅ መሄድ ሲጀምር ወገቡ ላይ ገመድ ይታሰርለታል። ገመድ ማሰር የማይችል ሰው እነሱ ዘንድ ትልቅ ሰው አይባልም።

ቋጠሮ ፈቺ፦
ታዲያ ምን ትፈልጊያለሽ! መልሱን ራስሽ ጻፍሽው። ገመድ ላይ ይጻፉ።

ይሄ ተረት አይደለም። የደቡብ አሜሪካዎቹ ኢንካዎች ከአንዲስ ተራሮች ላይ ያን ሁሉ ግዛት ሲያስተዳድሩ የሚታወቅ የቀለም ጽሕፈት አልነበራቸውም። ኪፑ ነበራቸው። ከአንድ ወፍራም ገመድ ላይ ብዙ ቀጫጭን ክሮች ይንጠለጠላሉ፤ ክሮቹ ላይ ቋጠሮ አለ። አሜሪካዊው ሌላንድ ሎክ በ1912 እ.ኤ.አ. የቁጥሩን አሠራር አሳይቷል። ከታች አንድ ቤት፣ ከዚያ በላይ አሥር ቤት፣ ከዚያ በላይ መቶ ቤት። ዜሮ ሲሆን ቋጠሮ የለም፣ ቦታው ባዶ ይተዋል። ከሁለት እስከ ዘጠኝ ያለው የአንድ ቤት ቁጥር በአንድ ረጅም ቋጠሮ ውስጥ ባለው የዙር ብዛት ይታወቃል።

የበለጠ የሚገርመኝ ግን ሌላው ነው። ፔሩ ውስጥ ሳን ሁዋን ደ ኮያታ የምትባል የተራራ መንደር አለች። ሰዎቹ ሁለት ኪፑ በአደራ ይዘው ቆይተዋል፤ የአባቶቻችን ደብዳቤ ነው ይላሉ። ተመራማሪዋ ሳቢን ሃይላንድ በ2017 እ.ኤ.አ. ስለነሱ ጽፋለች። 95 የተለያዩ ምልክቶች አገኘችባቸው። ክሮቹ ከስድስት ዓይነት እንስሳት ፀጉር የተሠሩ ናቸው። የመንደሩ ሰዎች ልዩነቱን ለማወቅ በእጅ መዳሰስ ያስፈልጋል ብለዋታል።

እስቲ አስቢው። ሳዪት ደብዳቤውን አትገልጠውም። በጣቷ ታልፍበታለች። ጨለማ ውስጥ፣ ጭጋግ ውስጥ፣ ድልድይ ላይ ቆማም ማንበብ ትችላለች። ነፋሱ ምንም አያደርጋትም።

ዳመና ጠሪ፦
ሐሳቡ ጥሩ ነው፤ እኔ ግን እከራከራለሁ። አንባቢ መጽሐፍ ሲከፍት ባዕድ ፊደል ማየት ይወዳል። ልጅ ሆኜ ካርታ ያላቸውን መጻሕፍት ከፍቼ መጀመሪያ የማየው የማላውቀውን ጽሑፍ ነበር። በደብተሬ ስገለብጠው እውል ነበር። ቋጠሮ እንዴት ይገለበጣል?

ቅርጽ ይኑረው ከተባለ ደግሞ ጥሩ መንገድ አለ። ካናዳ ውስጥ ክሪ የሚባሉት ሕዝቦች የሚጽፉበት ፊደል አለ። በ1840 አካባቢ ነው የተስፋፋው። አንዱ ቅርጽ ተነባቢው ነው። ወደ ላይ፣ ወደ ታች፣ ወደ ግራ ወይም ወደ ቀኝ ስታዞሪው አናባቢው ይቀየራል። ሰማይ ላይ ለሚኖሩ ሰዎች አቅጣጫ ትልቅ ነገር ነው። ዋሪቶችም ቅርጹን እያዞሩ ቢጽፉ ከኑሯቸው ጋር ይሄዳል።

ቋጠሮ ፈቺ፦
ወንድሜ፣ ወረቀት ላይ ቢሆን እስማማለሁ። ክር ላይ ግን አይሠራም። ክር ይሽከረከራል። ላይና ታች፣ ግራና ቀኝ የሚባል ነገር የለውም። አሁን ወደ ላይ ያየ ቋጠሮ ነፋስ ሲመታው ወደ ታች ያያል።

የማይቀየረው አንድ ነገር ነው፤ የዙሩ አቅጣጫ። እስቲ የጫማ ክር አምጡና ሞክሩት። ቀለበት ሥሩ፣ ጫፉን በውስጡ አሳልፉና ሳቡ፤ ተራው ቋጠሮ ይሄ ነው። አሁን ደግሞ በተቃራኒው በኩል አዙራችሁ ሌላ ሥሩ። ሁለቱ እንደ ቀኝና ግራ እጅ ናቸው። እንዴትም ብታገላብጧቸው፣ ክሩን ጫፍና ጫፉን ብትቀያይሩት፣ አንዱ ሌላውን አይሆንም። ቀኝ ዙር ቀኝ ዙር ነው፣ ግራ ዙር ግራ ዙር ነው። ሁለት ሦስት ዙር ብትጨምሩበትም ልዩነቱ ይቆያል።

አንድ የሚያስደስት ነገር ደግሞ አለ። የስምንት ቁጥር ቅርጽ ያለው ቋጠሮ፣ ተራራ ወጪዎች የሚያውቁት ማለቴ ነው፣ ቀኝና ግራ የለውም። በመስታወት የሚታየው ምስሉ ከራሱ ጋር አንድ ነው። ሒሳብ ሊቃውንት አረጋግጠውታል። ስለዚህ ድምፅ መሸከም ላይ አይመችም፤ ግን እንደኛ ሁለት ነጥብ ቃልና ቃል ለመለየት ከሱ የተሻለ የለም። በየትኛውም በኩል ብትዳስሱት ያው ነው።

የክንፍ ደራሲ፦
ሌሊቱን በሙሉ ክር ይዤ ስሞክር ነበር። አሁን እንዲህ አድርጌዋለሁ፣ እስቲ ተቹልኝ።

የዋሪት የጽሕፈት ክር ከሁለት ክሮች ነው የሚገመደው። አንዱ የሣር ቃጫ ነው፣ ሻካራ። ሌላው የሸረሪት ሐር ነው፣ ለስላሳ። ቋጠሮው በሻካራው ብቻ፣ በለስላሳው ብቻ ወይም በሁለቱም አንድ ላይ ሊታሰር ይችላል። በሻካራው የታሰረ ሁሉ የሚፈነዳ ድምፅ ነው፦ ብ፣ ት፣ ድ፣ ክ፣ ግ። በለስላሳው የታሰረ የሚፈስ ድምፅ ነው፦ ም፣ ን፣ ል፣ ር፣ ው። በሁለቱም የታሰረ የሚነፍስ ድምፅ ነው፦ ስ፣ ሽ፣ ዝ፣ ፍ፣ ህ። ከአምስቱ የትኛው እንደሆነ የሚታወቀው በዙሩ ብዛት ነው። አንድ ዙር የመጀመሪያው፣ አምስት ዙር የመጨረሻው።

አናባቢው አቅጣጫው ነው። ቀኝ ዙር «ኣ» ይባላል፣ ግራ ዙር «ኢ»። ቋጠሮው ውስጥ ቁራጭ የላባ አገዳ ከተሰካበት ቀኙ «ኡ» ይሆናል፣ ግራው «ኤ»። በአጠቃላይ 60 ቋጠሮ ማለት ነው።

አንድ ቃል ላሳያችሁ። «ናሪ» በዋሪት ቋንቋ ቤት የታሰረበት ዋና ገመድ ነው። መጀመሪያ ጣትሽ ለስላሳ ቋጠሮ ያገኛል። ሁለት ዙር፣ ወደ ቀኝ፦ ና። ትንሽ ዝቅ ሲል ሌላ ለስላሳ፣ ረዘም ያለ። አራት ዙር፣ ወደ ግራ፦ ሪ። ከዚያ የስምንት ቁጥሩ ቋጠሮ፤ ቃሉ አለቀ። ክሩ የሚጀምርበት ጫፍ ላይ ደግሞ ቀለበት አለ፤ ጣት እዚያ ውስጥ ገብቶ ነው ንባቡ የሚጀመረው። አለዚያ ከየትኛው ጫፍ እንደሚነበብ አይታወቅም።

ባለመቃ፦
ጎበዝ! አሁን ፊደል ሆነ። ሻካራ ድምፅ ሻካራ ክር ላይ መሆኑን በጣም ወድጄዋለሁ። 60 ደግሞ ልክ ነው። አሜሪካ ውስጥ ያለው የቼሮኪ ሕዝብ ፊደል 85 ነው፣ ሰው በደንብ ይማረዋል።

አንድ ነገር ግን አጥብቄ እናገራለሁ። የጣትን አቅም አትለፊ። የዓይነ ስውራን ፊደል ታሪክ ይሄንን ያስተምራል። ከሉዊ ብሬል በፊት ሻርል ባርቢዬ የሚባል ፈረንሳዊ በነጥብ የሚዳሰስ ጽሑፍ ሠርቶ ነበር። አንዱ ምልክት እስከ 12 ነጥብ ይይዝ ነበር፤ አንድ ጣት ጫፍ ላይ አይገባም። ጣት ወዲያ ወዲህ መሄድ ነበረበት። ብሬል በ1824 ገና 15 ዓመቱ ሳለ ወደ ስድስት ነጥብ አወረደው። አንድ ንክኪ፣ አንድ ፊደል። ያንቺም አምስት ዙር ያለው ቋጠሮ ከጣት ጫፍ ማለፍ የለበትም። ክሩ ቀጭን ይሁን።

ሌላው፣ ፊደሉ ታሪክ ይኑረው። የኛ ፊደል መጀመሪያ ተነባቢ ብቻ ነበር የሚጻፈው። አናባቢው ቅርጹ ላይ የተቀጠለው በአራተኛው መቶ ዘመን፣ በዒዛና ዘመን አካባቢ ነው። የአክሱም ድንጋዮች ላይ ሁለቱም ዓይነት አለ። የዋሪት አሮጌ ክሮችም ላባ የሌላቸው ይሁኑ። የጥንቱን ክር የሚያነብ ሰው «ኣ» ይሁን «ኡ» በግምት ነው የሚያውቀው። የንጉሥ ስም ላይ ክርክር ይነሣል፣ ውርስ ላይ ክርክር ይነሣል። ከዚህ ብቻ አንድ ምዕራፍ ይወጣሻል።

አራራይ፦
ዘግይቼ ገባሁ፣ ይቅርታ። እኔ ያደግሁት ዜማ ቤት ነው፤ አንድ ነገር ሳልናገር አላልፍም።

የምታወሩት ሁሉ ስለ ቃል ነው። ነፋስ ውስጥ የሚኖር ሰው ግን ዝም ብሎ አይናገርም። ድምፁን ያስረዝማል፣ ያነሣል፣ ይጥላል፤ አለዚያ ማዶ ያለው አይሰማውም። ስለዚህ ጽሑፋቸው ዜማውንም መያዝ አለበት። እኛ ዘንድ ይሄ አለ። ከቃሉ በላይ ትንንሽ ምልክት ይደረጋል፦ ይዘት፣ ደረት፣ ርክርክ፣ ድፋት፣ ሂደት፣ ቅናት፣ ጭረት፣ ቁርጥ። ድፋት ድምፁን ወደ ታች ይደፋዋል። ርክርክ ያንቀጠቅጠዋል። ቁርጥ ያቆመዋል። ዜማው የቅዱስ ያሬድ ነው፤ ምልክቶቹን የሠሩት ግን በአፄ ገላውዴዎስ ዘመን የነበሩት አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል እንደሆኑ ሊቃውንቱ ያስተምራሉ። በመሃል አንድ ሺህ ዓመት ገደማ ሰው በቃሉ ይዞ ነው ያሻገረው። ምልክቱ ዛሬም ለማያውቅ ሰው ዜማ አያስተምርም። ከመምህር አፍ የሰማ ሰው እንዳይስት ይጠብቀዋል እንጂ።

ለዋሪት ምልክት መጨመር አያስፈልግሽም። በቋጠሮና በቋጠሮ መሃል ያለው ባዶ ክር አለልሽ። ክፍተቱ ሰፊ ከሆነ ድምፁ ይረዝማል። ጠባብ ከሆነ ይፈጥናል። ስለዚህ አንድ ዓይነት ቃል ያለባቸው ሁለት ክሮች አንዱ ለቅሶ፣ አንዱ የሠርግ ዘፈን ሊሆን ይችላል። የአያትየዋ ደብዳቤ ላይ ይሄን ተጠቀሚበት። ቃሉ ተራ ሰላምታ ይሁን። ክፍተቱ የሙሾ ይሁን።

የክንፍ ደራሲ፦
አራራይ፣ ይሄን ሳነብ ተነሥቼ ቆምኩ። የምፈልገው ይሄ ነበር። ለሳዪት ደብዳቤውን ያነበበላት ጸሐፊ ቃሉን ብቻ ነግሯት ይሄዳል። እሷ ግን ክሩን ስትዳስሰው አያቷ ስትዘፍን ይሰማታል። እግዚአብሔር ይስጥልኝ።

መርከበኛው፦
ከደሴት ደሴት ያለውስ? አንዱ ክር እስኪደርስ ማዕበል ቢመጣ? የሩቅ ጽሑፍ ያስፈልጋቸዋል። ፈረንሳይ ውስጥ ክሎድ ሻፕ በ1794 ከፓሪስ እስከ ሊል ማማ ደርድሮ፣ ማማው አናት ላይ የሚንቀሳቀስ የእንጨት ክንድ አቁሞ መልእክት ያሳልፍ ነበር። አንዱ ማማ ያየውን ቀጣዩ ይደግመዋል። እኛም ባሕር ላይ እስካሁን ባንዲራ እንሰቅላለን፤ እያንዳንዱ ባንዲራ ፊደልም ነው፣ አብዛኛው ብቻውን ሲሰቀል ደግሞ ሙሉ መልእክት ነው።

ግን ጭጋግ ሲመጣ ሁሉም ዋጋ የለውም። ከዓመት ዓመት ደመና የሚገባበት አገር ላይ ዓይን አይታመንም። ጥሩንባ ወይም ከበሮ ጨምሪበት። ለደብዳቤ ግን አይሁን፤ «ማዕበል መጣ»፣ «ድልድዩን ፍቱ»፣ «ሰው ወደቀ» ለሚሉት ብቻ።

ድሬ፦
እኔን የሚያሳስበኝ ሌላ ነው። ይሄን ፊደል ማን ሠራው? ለምን? ልቦለድ ውስጥ ፊደል ሁልጊዜ ከሰማይ የወረደ ይመስላል። እውነተኛው ዓለም ላይ ፊደል የሚሠሩት ሰዎች ናቸው፤ የሚሠሩትም ሲቸግራቸው ነው።

ሴኮያ የሚባለው የቼሮኪ ሰው የየትኛውንም ቋንቋ ጽሑፍ ማንበብ አይችልም ነበር። ነጮቹ ወረቀት ላይ ሲነጋገሩ አየና ለሕዝቡ በ1821 ፊደል አወጣ። ሶሎማና ካንቴ በ1949 ለምዕራብ አፍሪካ ማንዲንግ ቋንቋዎች ንኮ የሚባለውን ሠራ። ጊኒ ውስጥ ሁለት ወንድማማቾች፣ ኢብራሂማና አብዱላይ ባሪ፣ ገና ልጆች ሳሉ በ1989 ለፉላኒ ቋንቋ አድላም የሚባለውን ፈጠሩ። የዓረብኛው ፊደል የቋንቋቸውን ድምፆች በደንብ አይዝም ነበር። መጀመሪያ በእጅ እየገለበጡ ነው ያሰራጩት። የኛው ሼክ በክሪ ሳጳሎም በ1956 እ.ኤ.አ. ለኦሮምኛ ፊደል ሠርተው ነበር። ሰው ተቀብሎት ደብዳቤ ይጻጻፍበት ጀመረ። መንግሥት ከለከለው።

ስለዚህ ዋሪት ውስጥም የሚፈራው ሰው ይኑር። ክር ማንበብ የጸሐፊዎች ብቻ ሥራ ነው ካልን፣ ሳዪት በጣቷ ስታነብ መያዝ የለባትም? ላባውን የጨመረው ማነው? እኔ ብሆን ገመድ የምትገምድ ተራ ሴት አደርጋታለሁ። ጸሐፊዎቹ እየገመቱ የሚያነቡትን ሁሉም ሰው እርግጠኛ ሆኖ እንዲያነበው ያደረገችው እሷ ናት። ያ ደግሞ ለጸሐፊዎቹ እንጀራ ማጣት ነው።

ዳመና ጠሪ፦
ድሬ ጥሩ ነካኸው። እኔም ከቋጠሮው ጎን ቆሜያለሁ። የመጽሐፉ ገጽ ላይ እንዲታይ ግን አሁንም እፈልጋለሁ፤ መፍትሔም አለኝ። በየምዕራፉ አናት ላይ ክር ይዘርጋ። የምዕራፉ ርዕስ በቋጠሮ ይሣል፤ ሻካራው ክር በጥቁር፣ ለስላሳው በነጭ። ታጋሽ አንባቢ ከሦስት ምዕራፍ በኋላ ራሱ ይፈታዋል።

እንደ ፎንትም መሥራት ይቻላል። የኛ ፊደል በ1999 እ.ኤ.አ. ዩኒኮድ ውስጥ፣ ማለትም ኮምፒውተሮች የዓለምን ፊደሎች የሚለዩበት የጋራ ዝርዝር ውስጥ፣ ገባ፤ ዩኒኮድ ውስጥ ደግሞ ማንም ለራሱ የሚጠቀምበት 6,400 ባዶ ቦታ የተተወበት ክፍል አለ። 60 ቋጠሮ እዚያ ተዝናንቶ ይቀመጣል። ፎንቱን እኔ እሠራልሻለሁ፣ እንደ ስጦታ።

የክንፍ ደራሲ፦
ዳመና ጠሪ፣ እጄን ዘርግቼ እቀበላለሁ! ድሬ፣ ያቺ ገመድ ገማጅ የሳዪት አያት ናት። አሁን ገባኝ፣ ደብዳቤው ለምን እንደሚፈለግም ገባኝ።

አንድ ጥያቄ ብቻ ይቀረኛል። ጸሐፊዎቹ ደብዳቤውን ቀድመው አግኝተው መሃሉን ቢያጠፉትስ? ክር እንዴት ይሰረዛል?

ቋጠሮ ፈቺ፦
ይፈታል። ግን ሙሉ በሙሉ አይጠፋም። ጠብቆ ብዙ ጊዜ የቆየ ቋጠሮ ሲፈታ ክሩ እጥፋቱን ይይዛል። ቃጫ ላይ በተለይ በደንብ ይታወቃል። አራት ዙር ከነበረ አራት ጉብጥብጥ ይቀራል፣ የዙሩ አቅጣጫም ይለያል። ለስላሳው ሐር ላይ ግን ምልክቱ ቶሎ ይጠፋል። ስለዚህ ሳዪት ከተሰረዘው ቃል የሚፈነዱትንና የሚነፍሱትን ድምፆች ታገኛለች። የሚፈሱት ያመልጧታል።

መርከበኛው፦
የቃጫው እጥፋትም ቢሆን ውሃ ሲነካው ይለቃል። ገመድ ላይ የኖረ ሰው ያውቀዋል። የማታው ደመና ቤቷ ሳይገባ አንብባ መጨረስ አለባት።